ሙባረክ ቢን ለንደን፦ አዲስ አበባ የተወለደው የበረሃ እንግዳ

በአል ዓይን ጃሂሊ ምሽግ የሚገኘው ቋሚ ዐውደ ርዕይ የሚዘክረው ሰው፣ በበረሃው ሕዝብ ዘንድ ሙባረክ ቢን ለንደን፣ ማለትም የለንደን ልጅ ሙባረክ፣ በመባል ይታወቃል። የቤተሰቡ ስም ግን ቴሲጀር ነው፤ ዊልፍሬድ ቴሲጀር።

ቴሲጀር ለእንግሊዝ መጤ ስም ነው። ይዞት የገባው በ18ኛው ክፍለ ዘመን ከጀርመን ሳክሶኒ የፈለሰው ጆን አንድሩ ቴሲጀር ነበር። የልጅ ልጁ ፍሬድሪክ ሎርድ ቻንስለር፣ የአገሪቱ የፍትሕ የበላይ ሹም፣ ለመሆን በቃ፤ የቼልምስፎርድ ባሮንነትንም ለቤተሰቡ አተረፈ። ማዕረጉን የወረሰው ልጁ እ.ኤ.አ. በ1879 ኢሳንድልዋና ላይ ጦሩ በዙሉዎች የተደመሰሰበት ጄኔራል ሲሆን፣ ዊልፍሬድ የእርሱ የልጅ ልጅ ነው።

ይሁንና የለንደን ልጅ የተባለው ሰው የተወለደው በ1910 አዲስ አበባ፣ አባቱ ሚኒስትር በነበሩበት የብሪታኒያ ሌጋሲዮን ግቢ ነው። በ1916ቱ ቀውስ ራስ ተፈሪ ሕፃን ልጃቸውን ያስጠለሉት እዚያው ነበር። ውለታውን አልዘነጉም፤ በ1930 ዘውድ ሲጭኑ ወጣቱን ቴሲጀርን ጋበዙት። ከሦስት ዓመት በኋላ ተመልሶ የአዋሽን ወንዝ እስከ መጨረሻው ተከተለ።

ሩብ አል ኻሊን ከበደዊን ጓደኞቹ ጋር ሁለት ጊዜ በግመል አቋረጠ። በ1948 አል ዓይን ሲደርስ፣ ያኔ የአካባቢው ገዥ የነበሩት ሼኽ ዛይድ በሙወይጂ ምሽግ ተቀበሉት፤ በኋላም በጭልፊት አደን አብሯቸው ወጣ። በአረቡ ልማድ፣ ልክ እንደ ሐበሻው፣ ሰው የሚጠራው በራሱና በአባቱ ስም ነው። ለእንግዳው የአባቱን ስፍራ ከተማ ያዘለት፤ የትውልድ ቦታው ቢቆጠርማ ቢን አዲስ አበባ በተባለ ነበር።

ቴሲጀር ትዳር ሳይመሠርት ኖሮ በ2003 በእንግሊዝ አረፈ። በ1940ዎቹ ያነሣቸው የበረሃ ፎቶግራፎች ዛሬ በጃሂሊ ግድግዳ ላይ ይታያሉ።