ያላየውን ቀን በስሌት ያመለከተው ኤድመንድ ሃሌይ

በአማራ ክልል ሰሜን ሸዋ ዞን የግሼ ወረዳ ርዕሰ ከተማ በሆነችው ራቤል የክረምቱ ደመና ተገፎ የጥቅምት ሰማይ ሲጠራ፣ ከእኩለ ሌሊት በኋላ ተወርዋሪ ኮከቦችን ማየት ይቻላል። በየዓመቱ ጥቅምት 11 ቀን አካባቢ በርከት ብለው የሚታዩት እነዚህ ብልጭታዎች፣ አንድ ጅራታም ኮከብ በመንገዱ ላይ ጥሎት የሄደው ብናኝ ወደ ምድር አየር ሲገባ ግሎ የሚፈጥራቸው ናቸው። ጅራታሙ ኮከብ የሚጠራው በእንግሊዛዊው የሥነ ፈለክ ሊቅ በኤድመንድ ሃሌይ ስም ነው።

ሃሌይ እ.ኤ.አ. በ1656 በለንደን አቅራቢያ ከአንድ ባለጸጋ የሳሙና አምራች ተወለደ። በኦክስፎርድ ዩኒቨርሲቲ ይከታተል የነበረውን ትምህርት በ20 ዓመቱ አቋርጦ በደቡብ አትላንቲክ ወደምትገኘው ሴንት ሄሌና ደሴት ተጓዘ። በዚያም ደመናው ቢፈታተነውም የ341 የደቡብ ሰማይ ኮከቦችን አቀማመጥ መዝግቦ ተመለሰ።

እ.ኤ.አ. በ1682 አንድ ደማቅ ጅራታም ኮከብ ታየ። በዚያን ዘመን ጅራታም ኮከብ የንጉሥ ሞት፣ የጦርነትና የወረርሽኝ ምልክት ተደርጎ ይቆጠር ስለነበር ሕዝቡ በፍርሃት ይመለከተው ነበር። ሃሌይ ግን የሚጓዝበትን መንገድ ይከታተል ጀመር።

ከሁለት ዓመት በኋላ አይዛክ ኒውተንን በካምብሪጅ አግኝቶ ስለ ፕላኔቶች እንቅስቃሴ የደረሰበትን ግኝት በመጽሐፍ እንዲያወጣ አበረታታው። ሮያል ሶሳይቲ የተባለው የሳይንስ ማኅበር ገንዘቡን ስለ ዓሦች ለተዘጋጀ መጽሐፍ ኅትመት በማዋሉ፣ ሃሌይ የኒውተንን ሥራ እ.ኤ.አ. በ1687 በራሱ ወጪ አሳተመው።

በኒውተን ሕግ በመመራትም የ24 ጅራታም ኮከቦችን ምሕዋር አሰላ። እ.ኤ.አ. በ1531፣ በ1607 እና በ1682 የታዩት የሦስቱ መንገድ እጅግ ተመሳሳይ ሆኖ በመገኘቱ፣ ሦስቱም በ75 እና በ76 ዓመት ልዩነት የሚመለስ አንድ አካል መሆናቸውን ተረዳ። የጊዜውን ልዩነት የሚያመጣው በተለይ የጁፒተር ስበት መሆኑንም ገመተ። ውጤቱን እ.ኤ.አ. በ1705 ሲያሳትም ኮከቡ በ1758 ተመልሶ እንደሚታይ አስታወቀ። ያን ጊዜ ሃሌይ የ48 ዓመት ሰው ነበር፤ የስሌቱን ፍጻሜ ለማየት ከመቶ ዓመት በላይ መኖር ነበረበት።

ይህ ግን ከሥራው አላዘገየውም። እ.ኤ.አ. በ1720 የግሪኒች የንጉሣዊ ከዋክብት መመልከቻ ኃላፊ ሆኖ ተሾመ፤ በ65 ዓመቱ ገደማም 18 ዓመት የሚፈጅ የጨረቃ ምልከታ ጀምሮ ከፍጻሜ አደረሰ። እ.ኤ.አ. በ1742 በ85 ዓመቱ አረፈ።

ሦስት ፈረንሳውያን፣ ከእነዚህም አንዷ ኒኮል ሬን ለፖት፣ የጁፒተርንና የሳተርንን ስበት አስልተው ኮከቡ እንደሚዘገይ ደረሱበት። እ.ኤ.አ. ታኅሣሥ 25 ቀን 1758 ፓሊች የተባለ የሳክሶኒ ገበሬ አየው፤ በመጋቢት 1759ም ለፀሐይ ቀረበ። ሃሌይ ከሞተ 16 ዓመት አልፎት ነበር።

ኮከቡ የሚዞረው ከፕላኔቶቹ በተቃራኒ አቅጣጫ ነው። ለፀሐይ ሲቀርብ 88 ሚሊዮን ኪሎ ሜትር ያህል ይጠጋታል፤ ሲርቅ ደግሞ ከኔፕቱን ምሕዋር አልፎ 5 ቢሊዮን ኪሎ ሜትር ይበልጣል። ለፀሐይ በቀረበበት በሚያዝያ 1902 ዓ.ም. ዳግማዊ አፄ ምኒልክ በጽኑ ሕመም ላይ ነበሩ። በቀድሞው አስተሳሰብ ሁለቱን ማያያዝ አይከብድም ነበር፤ የሃሌይ ስሌት ግን ኮከቡ የሚመጣው ቀጠሮውን ጠብቆ እንጂ የነገሥታትን ዕጣ ተከትሎ አለመሆኑን ቀደም ሲል አሳይቷል።

ከዚያ ወዲህ በየካቲት 1978 ዓ.ም. ለፀሐይ ቀርቦ የተመለሰው ይህ ኮከብ ቀጣዩ ቀጠሮው ሐምሌ 21 ቀን 2053 ዓ.ም. ነው። ወቅቱ በግሼና በመንዝ ደጋ ክረምቱ የሚበረታበት በመሆኑ፣ ሃሌይን በሴንት ሄሌና የፈተነው ደመና የራቤልንም ተመልካች ይፈትን ይሆናል። የዛሬው ጎልማሳ ሠራተኛ ያን ቀን ላያየው ይችላል፤ ሃሌይም አላየውም ነበር።