በኸሊፋው ላይ የፈረዱት ቃዲ

ስለ ሚራስ ቤትና ስለ አጥር ድንበር ክርክር ብዙ አቤቱታ እሰማለሁ። አብዛኛው አቤት ባይ የሚያማርረው ፍርድ አጥቶ አይደለም። ተፈርዶለታል፤ ውሳኔው በኪሱ ነው፤ ቤቱ ግን በተፈረደበት ሰው እጅ ነው። እግድ የተሰጠበትን ቤት የሚሸጥ፣ ትእዛዝ ሲደርሰው የበር ቁልፍ የሚቀይር ወንድም አለ። ለምን ሲባል መልሱ አንድ ነው፤ ዳኛው ተሳስቷል፣ እውነቱ ከእኔ ጋር ነው ይላል። ይህን በሰማሁ ቁጥር ትዝ የሚሉኝ የኩፋው ቃዲ ሹረይሕ ኢብኑል ሓሪስ አል-ኪንዲ ናቸው።

ሹረይሕ የየመን ሰው ናቸው። በነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) ዘመን ቢሰልሙም ስላላገኟቸው ብዙዎቹ ዑለሞች ከታቢዒዮች ይቆጥሯቸዋል። ጢም ያልነበራቸው፣ ቀልድ አዋቂ ሰው ነበሩ ይባላል። ለቃዲነት ያበቃቸው የአንድ ፈረስ ጉዳይ ነው። ኸሊፋው ዑመር (ረ.ዐ) ሊገዙት የተስማሙበት ፈረስ ለሙከራ ሲጋለብ ተጎዳ። ሊመልሱት ቢሉ ባለቤቱ አልቀበልም አለ። ዳኛ ሆነው የተመረጡት ሹረይሕ ኸሊፋው ወይ ፈረሱን በዋጋው እንዲያስቀሩ፣ ወይ እንደተረከቡት ጤነኛ አድርገው እንዲመልሱ ፈረዱ። ዑመርም የረታቸውን ሰው የኩፋ ቃዲ አድርገው ሾሙት። ሹረይሕ በዚያ ወንበር ወደ 60 ዓመት ያህል ተቀምጠዋል።

ከሁሉ የታወቀው ግን የዐሊይ (ረ.ዐ) ጥሩር ታሪክ ነው። ዐሊይ ኸሊፋ ሳሉ የጠፋባቸውን ጥሩር፣ ማለትም የብረት የጦር ልብስ፣ በአንድ ሰው እጅ አዩት። ሰውየው በአንዳንድ ዘገባ አይሁድ፣ በሌላው ክርስቲያን ነው። የራሴ ነው አለ። ዐሊይ በጉልበት አልነጠቁትም፤ ከሰሱት። ሹረይሕ ኸሊፋው እንደማይዋሹ ያውቁ ነበር፤ ሆኖም ምስክር ጠየቁ። ዐሊይ ልጃቸውን ሐሰንንና አገልጋያቸውን ቀንበርን አቀረቡ። ልጅ ለአባቱ የሚሰጠው ምስክርነት አይያዝም ተባለ፤ ማስረጃው ጎደለ፤ ጥሩሩ ለያዘው ሰው ተፈረደ። በእርግጥ ሙሐዲሶች በዚህ ዘገባ ሰነድ ላይ ድክመት አንስተዋል። የልጅ ምስክርነት ለአባት አለመያዙ ግን የብዙኃኑ ፉቀሃእ አቋም ነው።

ሰዎች ይህን ሲተርኩ የሚያደንቁት ቃዲውን ነው። እኔን የሚገርመኝ ግን የተረቱት ሰው ናቸው። ቃዲውን በአንድ ቃል መሻር የሚችሉ፣ ጦር የሚያዙ ኸሊፋ ንብረታቸው ዓይናቸው እያየ ሲወሰድ ዝም አሉ። ከዚህም በላይ ደግሞ እውነቱ በትክክል ከእሳቸው ጋር ነበር! የእኛ ሰው ቁልፍ የሚቀይርበት ሰበብ በሙሉ በእጃቸው ነበር። አልተጠቀሙበትም። ሰውየው ጥቂት ራመድ ብሎ ተመለሰ፤ ጥሩሩ የዐሊይ መሆኑን አምኖ ሰለመ፤ እሳቸውም ሰጡት ይባላል። እኔ ግን ዓይኔ የሚቀረው ከመመለሱ በፊት በነበሩት በእነዚያ ጥቂት እርምጃዎች ላይ ነው።

ደግሞ እኮ የ1987ቱ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 34 እንደሚለው በአገራችን የግልና የቤተሰብ ክርክር በሃይማኖት ሕግ የሚዳኘው ተከራካሪዎች ሲፈቅዱ ነው። ወዶ ፈርሞ ቃዲ ፊት የቀረበ ሰው ሲረታ ምን ብሎ ይከራከራል? ቅር ያለው ይግባኝ ይበል እንጂ!

ሹረይሕ ለቤተሰባቸውም አላዘነበሉም። አንድ ልጃቸው ስለ ራሱ ክርክር አስቀድሞ አማከራቸው፤ ክሰስ አሉት፤ ችሎት ሲቀርብ ፈረዱበት። ቢከፋው፣ አስቀድመው ቢነግሩት ኖሮ ከባለመብቶቹ ጋር በስምምነት ስም ከሐቃቸው ይቆርስባቸው እንደነበር አስረዱት። ሌላ ጊዜ ደግሞ ልጃቸው ዋስ የሆነለት ሰው ቢጠፋ ልጃቸውን አሰሩት፤ ምግቡን ግን ራሳቸው ወደ እስር ቤት ያመላልሱለት ነበር። በሐጃጅ ዘመን እንዲያሰናብቷቸው ጠይቀው ወንበሩን ለቀቁ። በ78 ዓመተ ሒጅራ ገደማ፣ ዕድሜያቸው ከመቶ አልፎ እንደሞቱ ይነገራል። አላህ ይዘንላቸው።