ግሸንን ሳያይ የጻፈው መምህር

ግሸንን የማያውቅ በመካከላችን አለ ለማለት ያስቸግራል። በየዓመቱ መስከረም 21 ቀን ምእመናን ከየአቅጣጫው ወደ አምባሰል ይጎርፋሉ። አምባው የመስቀል ቅርጽ እንዳለው፣ ግማደ መስቀሉም እንዳረፈበት ከልጅነት ጀምሮ ሲነገረን አድገናል። የነገሥታት ልጆች በዙፋን እንዳይጣሉ ተብሎ እዚያ ይጠበቁ እንደነበርና ዐፄ ዘርዓ ያዕቆብም በ1434 ከመንገሣቸው በፊት በዚያ እንደቆዩ ደግሞ በታሪክ ትምህርት አግኝተነዋል። ይህ ወሬ ባሕር ተሻግሮ በእንግሊዝኛ ሥነ ጽሑፍ ውስጥ እንዴት እንደገባ ግን ብዙ ጊዜ አይነገርም። ስለዚህ በዛሬው ዝግጅታችን ወሬውን መጽሐፍ ያደረገውን የሳሙኤል ጆንሰንን ሕይወት እንተርካለን። ዓመተ ምሕረቶቹ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።

መቼም እኛ እንግሊዞች ብለን በጅምላ የምንጠራቸው ሰዎች አንድ ሕዝብ አይደሉም። እስኮትላንድ ከእንግሊዝ ጋር በአንድ ፓርላማ የተዋሐደችው በ1707 ነው። አየርላንድ በ1801 ተጨመረች፤ የሚበዛው ክፍሏም በ1922 ተለየ። አይሪሾችና የእስኮትላንድ ደገኞች የራሳቸው ጥንታዊ ቋንቋ አላቸው። ታዲያ ዛሬ በክፍል የምናስተምረው እንግሊዝኛ የማን ሥራ ነው? የጆንሰን ሕይወት ለዚህ ጥያቄ ጥሩ መልስ ይሰጣል።

ጆንሰን በ1709 ሊችፊልድ በምትባል የእንግሊዝ ከተማ ከመጽሐፍ ነጋዴ ቤት ተወለደ። በሕፃንነቱ የያዘው የአንገት ዕጢ በሽታ ፊቱን አጠባሰሰው፤ አንድ ዓይኑም በቅጡ አያይም ነበር። ካደገ በኋላ ደግሞ ራሱና እጁ ያለ ፈቃዱ ይወራጩበት ጀመር። ኦክስፎርድ ገባ፤ ግን ገንዘብ አልቆበት በ13 ወር ገደማ ያለ ዲግሪ ወጣ።

ከዚያስ? ከዚያማ እንደኛው መምህር መሆን ፈለገ። የሚወራጨውን ገላውን ልጆቹ ይቀዱበታል ብለው የመለሱት ትምህርት ቤት አለ። በኋላ ሚስቱ ባመጣችው ገንዘብ ኤዲያል በሚባል ቦታ የራሱን ትምህርት ቤት ከፈተ። እንደሚነገረው የመጡት ተማሪዎች ከጥቂት ጣት አይበልጡም፤ ከነርሱ አንዱ በኋላ በእንግሊዝ ቴያትር ስመ ጥር የሆነው ዴቪድ ጋሪክ ነው። ትምህርት ቤቱ ብዙም ሳይቆይ ተዘጋ። በ1737 መምህሩና ተማሪው አብረው ለንደን ሄዱ፤ አንዱ በብዕሩ ሌላው በመድረክ ሊኖር።

በ1739 አንድ ትምህርት ቤት ሊቀጥረው ፈልጎ ዲግሪ ስለሌለው ተቸገረ። አንድ ባለሥልጣን የደብሊን ዩኒቨርሲቲ እንዲሰጠው ብሎ በደብሊን ለሚኖረው ለታላቁ አይሪሽ ጸሐፊ ለጆናታን ስዊፍት ወዳጅ ጻፈ። ጉዳዩ ሳይሳካ ቀረ። ጆንሰንም መምህርነቱን ትቶ በየመጽሔቱ የሚጽፍ የቀን ሠራተኛ ሆነ ማለት ይቻላል።

በ1746 የለንደን መጽሐፍ ነጋዴዎች የእንግሊዝኛ መዝገበ ቃላት እንዲያዘጋጅ ተዋዋሉት። በሦስት ዓመት እጨርሳለሁ አለ፤ ዘጠኝ ዓመት ያህል ፈጀበት። በ1755 በሁለት ትላልቅ ጥራዞች ሲወጣ ከ42,000 በላይ ቃላት ነበሩበት፤ ለፍቺዎቹም ከቀደሙ ጸሐፊዎች የተለቀሙ ከመቶ ሺህ በላይ ምሳሌዎች ተሰጥተዋል። እዚህ ላይ አንድ ነገር ልብ ይሏል፤ ጆንሰንን ያገዙት ጸሐፊዎች ስድስት ሲሆኑ አምስቱ እስኮትላንዶች ነበሩ! ጆንሰን ግን በዚያው መጽሐፍ እስኮትላንዶችን ከመቀለድ አልተመለሰም። አጃ የሚለውን ቃል ሲፈታ፣ በእንግሊዝ ፈረስ የሚቀለብበት በእስኮትላንድ ግን ሰው የሚኖርበት እህል ነው ብሎ አስቀመጠው። ጎረቤት ጎረቤቱን እንዴት እንደሚወርፍ እኛም አገር እናውቀዋለን።

ወደ ግሸን እንመለስ። የፖርቱጋሉ ቄስ ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ ከ1520 እስከ 1526 በአገራችን ቆይቶ፣ የንጉሥ ልጆች በአምባ ላይ ተዘግተው አጥብቀው ይጠበቁ እንደነበር ጽፏል። ወሬው በአውሮፓ ተሠራጨ። እየዋለ ሲያድርም እንደ ገነት ያለ ተራራ ተደርጎ ተተረከ፤ ገጣሚው ሚልተን እንኳ በ1667 ባወጣው ሥራው አንሥቶታል። ጆንሰንም በወጣትነቱ ኢየሱሳዊው ጀሮኒሞ ሎቦ ስለ ኢትዮጵያ የጻፈውን ከፈረንሳይኛ ወደ እንግሊዝኛ መልሶ ነበር። መጽሐፉ በ1735 ታተመ፤ ክፍያውም አምስት ጊኒ ብቻ ነበር።

በጥር 1759 እናቱ ታመው ለሞት ተቃረቡ። ለሃያ ዓመት ያህል አላያቸውም ነበር። ገንዘብ ስላስፈለገው በአንድ ሳምንት ምሽቶች ልብ ወለድ ጻፈ፤ እናቱ ግን ገንዘቡ ሳይደርስላቸው ዐረፉ። ያ መጽሐፍ ራሴላስ ነው። ስሙ የዐፄ ሱስንዮስን ወንድም የራስ ሥዕለ ክርስቶስን ስም ያስታውሳል፤ ከሎቦ መጽሐፍ የተገኘ ነው። በታሪኩ የኢትዮጵያ ንጉሥ ልጅ ራሴላስ በአማራ አገር በተራራ በታጠረ ሸለቆ ከወንድሞቹና ከእኅቶቹ ጋር ተዘግቶ ይኖራል። መብሉ፣ መጠጡ፣ ዘፈኑ አልጎደለበትም። ቢሆንም ይሰለቻል። ተራራውን ፈልፍሎ ከእኅቱ፣ ከደንገጡሯና ኢምላክ ከሚባል አዋቂ ጋር ወደ ካይሮ ይወጣል፤ ማን ደስተኛ እንደሆነ ቢፈልግም አያገኝም።

እውነቱን ለመናገር በዚህ መጽሐፍ ውስጥ አምባሰልን የሚፈልግ አያገኛትም። አምባው ሸለቆ ሆኗል፤ ብርዱ የለም። እውነተኛው የግሸን ጥበቃ ደግሞ በ1540 ገደማ የኢማም አሕመድ ጦር አምባውን ሲይዝ አክትሟል። ሆኖም አንድ ነገር ስቷል አንልም፤ ሰው ጠግቦም ቢታሰር እስረኛ እንደሆነ የገባው ይመስለናል። በ1770 ጎንደር የገባው እስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስ አገሩ ተመልሶ በ1775 ከጆንሰን ጋር ተገናኝቶ ነበር። ጆንሰን መጀመሪያ አመነው፤ ኋላ ግን ተጠራጠረው። ሳያይ የጻፈው ሰው አይቶ የመጣውን አላምንም ማለቱ ያስቃል።

አየርላንድስ? በ1764 ጆንሰንና ሠዓሊው ሬይኖልድስ በለንደን የወዳጆች ማኅበር ሲያቋቁሙ፣ ከመሥራቾቹ ውስጥ የአየርላንድ ልጆች ኤድመንድ በርክና ኦሊቨር ጎልድስሚዝ ነበሩ። ጎልድስሚዝ በቤት ኪራይ ዕዳ በተያዘ ጊዜ ጆንሰን የልብ ወለዱን ረቂቅ ይዞ ሄዶ በ60 ፓውንድ ሸጠለት፤ ዕዳውም ተከፈለ። በ1765 የደብሊኑ ትሪኒቲ ኮሌጅ የዶክተርነት ማዕረግ ሰጠው። ከ26 ዓመት በፊት ደብሊን ቢያዝንለት ኖሮ ምናልባት በአንድ የገጠር ትምህርት ቤት መምህር ሆኖ በቀረ ነበር።

ጆንሰን ለአይሪሹ ሊቅ ለቻርልስ ኦኮነር በ1757ና በ1777 ደብዳቤ እየጻፈ፣ አየርላንድ የዕውቀት ምንጭ የነበረችበትን ጥንታዊ ዘመን እንዲመረምር አደፋፍሮታል። በ1766 ደግሞ አንዳንድ እስኮትላንዶች ደገኞቹ ቋንቋቸውን እንዲረሱ ብለው መጽሐፍ ቅዱስ እንዳይተረጎምላቸው ሲሟገቱ፣ ጆንሰን ነገሩን አጥብቆ አወገዘ። በሚቀጥለው ዓመት ሐዲስ ኪዳን በቋንቋቸው ታተመ። የእንግሊዝኛን መዝገበ ቃላት የሠራው ሰው ለሌላው ቋንቋ መከራከሩ ለኛ ለቋንቋ ተማሪዎች ትልቅ ነገር ነው። በአየርላንድ ካቶሊኮች ላይ የተጣለውን ሕግም ነቅፏል። አንድ አይሪሽ በ1779 ስለ ውሕደት ቢያነሣበት፣ ከኛ ጋር አትዋሐዱ፤ ብንዋሐድ ልንዘርፋችሁ ነው የሚል ምክር ሰጥቶታል። ከ22 ዓመት በኋላ ውሕደቱ ሆነ።

ጆንሰን በታኅሣሥ 1784 ሞተ። የተቀበረው በዌስትሚንስተር አቢ፣ በ1779 የቀደመው ተማሪው ጋሪክ አጠገብ ነው። የሕይወት ታሪኩን በ1791 አውጥቶ በዓለም ያስጠራው ወዳጁ ጄምስ ቦስዌልም እስኮትላንዳዊ ነበር። ራሴላስን የብላቴን ጌታ ኅሩይ ወልደ ሥላሴ ልጅ ሲራክ ኅሩይ ወደ አማርኛ መልሰውታል። የአምባው ወሬ በፖርቱጋልኛ፣ በፈረንሳይኛና በእንግሊዝኛ ዞሮ ዞሮ አገሩ የገባው እንዲህ ነው።