አለን ዊልሰንና ያልወደዱት ስም

አለን ዊልሰን የሰው ልጆችን የእናት የዘር ሐረግ ወደ አፍሪካ በመራው ጥናት ስማቸው የገነነ ሊቅ ናቸው። ለጥናቱ የተሰጠውን ዝነኛ ስም ግን አልወደዱትም።

እ.ኤ.አ. በ1934 በኒውዚላንድ ንጋሩዋሂያ ከተማ ተወልደው በፑኬኮሄ አካባቢ በወተት ላም እርባታ መካከል አደጉ። በኦታጎ ዩኒቨርሲቲ ከተማሩ በኋላ ወደ አሜሪካ ተሻግረው፣ በ1961 ከካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ በርክሊ የዶክትሬት ማዕረግ አገኙ። ከ1964 ጀምሮም በዚያው የባዮኬሚስትሪ መምህር ሆኑ።

ከቅሪተ አካል አጥኚዎች ጋር ሙግት የገጠሙት ገና በወጣትነታቸው ነው። በ1967 ከቪንሰንት ሳሪች ጋር የደም ፕሮቲኖችን አነጻጽረው፣ የሰው ዘር ከቺምፓንዚና ከጎሪላ የተለየው የዛሬ 5 ሚሊዮን ዓመት ገደማ ነው አሉ። በዘመኑ የሚታመነው ከዚህ እጅግ የራቀ ጊዜ ስለነበር፣ አጥንት ሳይቆፍሩ ዘመን መቁጠር ለብዙዎች ድፍረት መሰለ።

ቀጥሎ ያተኮሩት በሚቶኮንድሪያ ላይ ነው። ይህ ለሕዋስ ኃይል የሚያመነጭ ጥቃቅን አካል የራሱ ዲኤንኤ አለው፤ የሚወረሰውም ከእናት ነው። ወንድ ልጅ ከእናቱ ይቀበላል፣ ለልጆቹ ግን አያስተላልፍም። ኢትዮጵያዊ በአባቱና በአያቱ ስም ትውልዱን ሲቆጥር፣ ይህኛው ሐረግ በእናት፣ በሴት አያትና በቅድመ አያት በኩል ይወጣል።

ዊልሰን፣ ሪቤካ ካንና ማርክ ስቶንኪንግ የ147 ሰዎችን ናሙና፣ በአብዛኛው ከእንግዴ ልጅ የተወሰደ፣ መርምረው ውጤቱን በጥር 1987 በኔቸር መጽሔት አሳተሙ። የሁሉም የእናት ሐረግ የዛሬ 200 ሺህ ዓመት ገደማ፣ ምናልባትም በአፍሪካ፣ ከኖረች አንዲት ሴት ይመዘዛል የሚል ነበር። ጋዜጦች ወዲያው ሔዋን አሏት። ዊልሰን ዕድለኛዋ እናት መባሏን ይመርጡ ነበር፤ ይህም ለእውነቱ የቀረበ ነው። በዘመኗ ሌሎች ሴቶችም ኖረዋል። ነገር ግን ወንዶች ልጆች ብቻ የወለደች እናት ሐረጓ በዚያው ይቆማል፤ ከትውልዶች ብዛት በኋላ ሳይቋረጥ የቀረው የአንዲቷ ብቻ ሆነ። ከሌሎቹ የወረስነው በሌላው ዲኤንኤያችን ውስጥ አለ።

ጥናቱ ተቺ አላጣም፤ ትችቱም ከንቱ አልነበረም። አፍሪካውያን ተብለው ከተቆጠሩት 20 ሰዎች 18ቱ ጥቁር አሜሪካውያን ነበሩ። ዊልሰንና ባልደረቦቻቸው ከአህጉሪቱ በተገኙ ናሙናዎች ሥራውን ደገሙት። ሆኖም ዊልሰን በሐምሌ 1991 በ56 ዓመታቸው ሲያትል ውስጥ በደም ካንሰር ሲያርፉ ጽሑፉ ገና አልታተመም ነበር፤ የወጣው በመስከረም ነው። በዓመቱ የስሌቱ ዘዴ ተነቀፈ። ሥሩ አፍሪካ መሆኑን ግን በኋላ ሙሉውን የሚቶኮንድሪያ ዲኤንኤ ያነበቡ ጥናቶች አጸኑት።

ከእርሳቸው በኋላ ሐረጎቹ ሃፕሎግሩፕ በሚባሉ፣ በላቲን ፊደላት በሚሰየሙ ጎራዎች ተመደቡ። ኤ፣ ቢ፣ ሲ እና ዲ አስቀድመው ለተጠኑት ለአሜሪካ ነባር ሕዝቦች ሐረጎች ስለተሰጡ፣ የሁሉም ሥር የሆነው የአፍሪካው ጎራ ኤልን አገኘ። ፊደሉን እንደ ዕድሜ ተራ የሚያነብ እንግዲህ ይሳሳታል። ኤም እና ኤን ከኤል3 የወጡ ናቸው፤ ከአፍሪካ ውጭ ያሉ ነባር ሐረጎችም ከሁለቱ ይወርዳሉ። ኤም1 የተባለው የኤም ቅርንጫፍ ደግሞ ኢትዮጵያ ውስጥ ይገኛል።