የፊልም ጸሐፊው ብራንኮ ቾፒች

የፊልም ነገር ሲነሣ ተዋናዩንና አዘጋጁን ሁሉም ያውቃል፤ ድርሰቱን የጻፈውን ግን ማን ያስታውሰዋል? በዚህ እትማችን ከቀድሞዋ ዩጎዝላቪያ ብራንኮ ቾፒችን መርጠናል። በልጆች መጻሕፍቱ አገሩ ሁሉ ያውቀዋል፣ የፊልም ጸሐፊነቱ ነው የተረሳው። ደግሞም ሰውየው እንደኛው የመምህራን ትምህርት ቤት ተማሪ ነበር።

ቾፒች እ.ኤ.አ. በ1915 በቦስኒያ፣ ከግርሜች ተራራ ሥር በምትገኘው በሃሻኒ መንደር ተወለደ። በአራት ዓመቱ አባቱ ሞተ፤ እናቱና አያቶቹ አሳደጉት። በባንያ ሉካ፣ በሳራየቮና በካርሎቫጽ የመምህራን ትምህርት ቤቶች ተማረ፤ በ1940 ከቤልግሬድ ዩኒቨርሲቲ ተመረቀ። በዓመቱ ፋሺስቶች አገሩን ሲወሩ ፓርቲዛን ከሚባሉት አርበኞች ጋር ጫካ ገባ፤ የጦር ሜዳ ዘጋቢም ሆነ።

ከድሉ በኋላ አገሪቱ የራሷን ፊልም መሥራት ጀመረች። ቾፒች ጽፎት ኒኮላ ፖፖቪች ያዘጋጀው «ይህ ሕዝብ ይኖራል» በ1947 ታየ። ከጦርነቱ ወዲህ ከተሠሩት የመጀመሪያዎቹ ረጃጅም ፊልሞች አንዱ ነው። በ1951 ሁለቱ እንደገና ተገናኝተው «ሻለቃ ባውክ»ን ሠሩ።

በሁለቱ ፊልሞች መካከል ግን ጣጣ መጣ። በ1950 ቾፒች «ዬዥ» በተባለው የቀልድ ጋዜጣ ላይ «የመናፍቅ ታሪክ» የምትል አጭር ስላቅ አወጣ። አዲሶቹ ሹማምንት ከነቤተሰባቸው በባሕር ዳር ቪላ ሲንደላቀቁ የምታሳይ ናት። ጸሐፊው ጠላት ቢሆን ነገሩ ቀላል ነበር፤ ይህ ግን አብሯቸው ጫካ የገባ፣ ድላቸውን በፊልም ያስመሰከረ ሰው ነው! ቲቶ ራሱ በአደባባይ ነቀፈው፤ እንደማይታሰር ግን አብሮ ተናገረ። እውነትም አልታሰረም። በጥርጣሬ ዓይን መታየቱ ግን አልቀረለትም። ብዕሩንም አላስቀመጠም።

ለእኛ ለዕጩ መምህራን የሚቆረቁሩን ሌሎቹ ሥራዎቹ ናቸው። «ንስሮች በማለዳ ይበራሉ» የተባለው የ1957 ልብ ወለዱ በ1966 በሶያ ዮቫኖቪች አዘጋጅነት ፊልም ሆኗል። በውስጡ ልጆቹ መጀመሪያ የሚሸሹት ፋሺስትን እንዳይመስላችሁ፤ ዱላ የማይለየውን መምህራቸውን ነው! ጫካ ገብተው ሰፈር ይሠራሉ፤ ኋላ ጦርነቱ ሲመጣ ያው ጫካ ለትግል ይሆናቸዋል። በ1970 ባወጣው መድበል ውስጥ ደግሞ ቀለም የማይለይ አያት አለ። አያትየው ተኩላ አረንጓዴ ነው ብሎ ያስተማረው ልጅ ክፍል ውስጥ ያንኑ ሲመልስ አስተማሪዋ ትቀጣዋለች። አያትየውም ተቆጥቶ ትምህርት ቤት ድረስ ይሄዳል፤ መጨረሻው ከፖሊስ እጅ መውደቅ ነው። መቼም እናስቃለን፤ ግን ልጁ የተናገረው ቤቱ የተማረውን አይደለም እንዴ? ከመቅጣታችን በፊት ማን እንዳስተማረው የምንጠይቅ ስንቶቻችን ነን?

ቾፒች ማርች 26 ቀን 1984 ቤልግሬድ ውስጥ በሳቫ ወንዝ ላይ ከተሠራው ድልድይ ራሱን ወርውሮ ሞተ። ድልድዩን ሕዝቡ የብራንኮ ድልድይ ይለዋል። ብዙ ሰው በእሱ የተሰየመ ይመስለዋል፤ ስሙ ግን የመጣው በቀደመው ባለቅኔ በብራንኮ ራዲቼቪች ከተሰየመው መንገድ ነው።