ጄኒ ሊንድ፤ ትምህርቷና የሕይወቷ ሥራ

ተፈጥሮ ለአንድ ልጅ የምትሰጠው ስጦታ ምንም ያህል ከፍ ያለ ቢሆን፥ በትክክለኛ ትምህርት ካልተጠበቀ ገና በለጋነቱ ሊጠፋ ይችላል። ይህንም በግልጽ ከሚያስረዱት ታሪኮች አንዱ የስዊድን ተወላጅ የሆነችው የኦፔራ ዘፋኝ የጄኒ ሊንድ ታሪክ ነው። ኦፔራ ማለት ተጫዋቾቹ በመናገር ፈንታ ከሙዚቃ ጓድ ጋራ እየዘፈኑ የሚሠሩት ቴያትር ነው። ከሴቶች ድምፅ ሁሉ ከፍ ያለው ሶፕራኖ ይባላል፤ የጄኒ ሊንድም ስም በዓለም የተሰማው በዚሁ ድምፅ ነው።

ጄኒ ሊንድ በአውሮፓውያን አቈጣጠር ኦክቶበር 6 ቀን 1820 ዓ.ም. በስቶክሆልም ከተማ ተወለደች። እናቷ ልጃገረዶችን በቤቷ ሰብስባ የምታስተምር መምህርት ነበረች፤ ኑሮአቸው ግን ችግር ያልተለየው ነበር። ልጅቱ ዘጠኝ ዓመት ገደማ ሲሆናት በመስኮት አጠገብ ተቀምጣ ለድመቷ ስትዘፍን፥ በንጉሣዊው ቴያትር ቤት የታወቀች የአንዲት ተወዛዋዥ ገረድ በመንገድ ስታልፍ ሰማቻት። ገረዲቱም የሰማችውን ለእመቤቷ ነገረች፤ እመቤቲቱም ልጅቱን አስጠርታ ካዳመጠቻት በኋላ ወደ ቴያትር ቤቱ የዘፈን መምህር መራቻት። ድምፅዋም ተመርምሮ በመንግሥት ወጪ እንድትማር ተፈቀደላት።

ከአሥር ዓመቷ ጀምሮ በመድረክ ላይ ትታይ ነበር። ማርች 7 ቀን 1838 ዓ.ም.፥ ገና በአሥራ ሰባት ዓመቷ፥ የጀርመኑ ቬበር በደረሰው ዴር ፍራይሹትስ በተባለው ኦፔራ አጋተ የምትባለውን ልጃገረድ ሆና በመጫወት ታላቅ ምስጋና አገኘች። ይህንም ቀን እንደ ሁለተኛ ልደቷ ቈጥራ ስታከብረው ኖራለች። ሃያ ዓመት ሳይሞላት በ1840 ዓ.ም. የስዊድን ንጉሣዊ የሙዚቃ አካዳሚ አባል ሆነች።

ነገር ግን ሕዝቡ በሚያጨበጭብላት ጊዜ ድምፅዋ እየደከመ ይሄድ ነበር። ያለ ዕረፍት ከብዙ ዓመት መዝፈን የተነሣ፥ ትንፋሽን በሚገባ መግዛትንም ስላልተማረች፥ ድምፅዋ ሻከረ፤ ይልቁንም መካከለኛው ክፍል ፈዘዘ። እርሷም ጉድለቷን ከአድማጮቿ ይልቅ ቀድማ ዐወቀች። ስለዚህ በስዊድን ከተሞች እየዞረች ዘፍና ባጠራቀመችው ገንዘብ በ1841 ዓ.ም. ወደ ፓሪስ ሄደች።

በዚያን ጊዜ በፓሪስ ማኑኤል ጋርሲያ የሚባል ስመ ጥር የዘፈን መምህር ነበር። እርሱም ራሱ በወጣትነቱ በመድረክ ዘፍኖ፥ ድምፁ ስለ ተበላሸበት ወደ ማስተማር የተመለሰ ሰው ነው። ጄኒ ሊንድ በፊቱ ስትዘፍን ድምፅዋ ተሰበረባት። ጋርሲያም አላባበላትም፤ ድምፅዋ በድካም ማለቁንና በዚህ ሁኔታ ቢያስተምራት ጥቅም እንደማይኖረው በግልጽ ነገራት። ከዚያም ለብዙ ሳምንታት ፈጽሞ እንዳትዘፍን፥ ብዙም እንዳትናገር አዘዛት። በአገሯ የተመሰገነች ዘፋኝ በባዕድ ከተማ ዝም ብላ መቀመጥ፥ ድምፅዋም ይመለስ እንደ ሆነ ሳታውቅ መጠበቅ ግድ ሆነባት።

የተወሰነው ጊዜ ሲፈጸም ወደ መምህሯ ተመለሰች፤ ድምፅዋም ማገገም ጀምሮ ተገኘ። ትምህርቱ ግን ከመጀመሪያው ፊደል እንደሚጀምር ተማሪ ሆነ፤ ይኸውም ከዝቅተኛው ድምፅ ወደ ከፍተኛው በዝግታ መውጣት፥ እንደዚሁም መውረድ፥ ትንፋሽንም ቈጥቦ ማውጣት ነበር። ይህን አንድ ዓመት ለማይሞላ ጊዜ ከተማረች በኋላ፥ በ1842 ዓ.ም. ወደ ስቶክሆልም ተመልሳ ኖርማ በተባለው ኦፔራ ስትዘፍን የቀድሞ አድማጮቿ አደነቁ። ከዚያ ወዲህ በ1844 ዓ.ም. በበርሊን፥ በ1847 ዓ.ም. ንግሥት ቪክቶሪያ በተገኙበት በሎንዶን ዘፈነች። በዚያው ዓመት የኢጣልያው ቬርዲ ለሎንዶን የደረሰው ኢ ማስናዲየሪ ለመጀመሪያ ጊዜ በመድረክ ሲታይ ዋናይቱ ሴት ተጫዋች እርሷ ነበረች።

የቴያትር ቤት ኑሮ ለመንፈሷ ስላልተስማማት፥ በ1849 ዓ.ም. ሠላሳ ዓመት ሳይሞላት የኦፔራን መድረክ ተወች። በሚከተለው ዓመት ባርነም ከተባለው ነጋዴ ጋራ ለአንድ ሌሊት 1,000 ዶላር ሊከፈላት ተዋውላ ወደ አሜሪካ ተሻገረች። በኒው ዮርክ ከመጀመሪያው ሌሊት የደረሳትን 10,000 ዶላር ያህል ለከተማዪቱ የበጎ አድራጎት ሥራ ሰጠች፤ ከጉዞው ካገኘችውም ብዙውን ክፍል በስዊድን ለድኾች ልጆች ትምህርት ቤት እንዲውል አደረገች። በ1852 ዓ.ም. ኦቶ ጎልድሽሚት የተባለውን ፒያኖ መቺ በቦስተን አግብታ፥ በኋላ ኑሮዋን በእንግሊዝ አገር አደረገች።

በ1883 ዓ.ም. በሎንዶን ንጉሣዊው የሙዚቃ ኮሌጅ ሲከፈት የዘፈን መምህርት ሆና ተሾመች፤ በእናቷ የማስተማር ሙያም በእርጅናዋ ገባች። ኖቬምበር 2 ቀን 1887 ዓ.ም. በ67 ዓመቷ በእንግሊዝ አገር በማልቨርን ኮረብታዎች ዐረፈች። መምህሯ ጋርሲያ ግን ከእርሷ በኋላ ቆይቶ፥ በ1906 ዓ.ም. በ101 ዓመቱ ሞተ።

ጄኒ ሊንድ ስለ ትምህርቷ በጻፈችው ደብዳቤ፥ ከምታውቀው አብዛኛውን በራሷ ብርቱ ድካም እንዳገኘችው፥ ከጋርሲያ የተማረችው ጥቂት ነገር ብቻ መሆኑን፥ ያም ጥቂት ግን ዋና እንደ ነበረ ገልጻለች። ይህ ቃል የመምህሩን ሥራ የሚያሳንስ ሊመስል ይችላል። ነገር ግን ጋርሲያ ለእርሷ ድምፅ አልሰጣትም፤ ድምፅስ ከልጅነቷ ጀምሮ ነበራት። እርሱ ያደረገው ሌሎች ሲያጨበጭቡ እውነቱን መንገር፥ ሌሎች ዝፈኚ ሲሏት ማስቆም፥ ጊዜው ሲደርስም ከሥር አስጀምሮ ማስተማር ነው። ይህ ጥቂቱ ባይኖር ኖሮ ያ ሁሉ ብርቱ ድካሟ ከንቱ በቀረ ነበር።