ነጋድራስ አፈወርቅ ገብረ ኢየሱስ

ነጋድራስ አፈወርቅ በ1860 ዓ. ም. በጣና ዳር በዘጌ ተወለዱ። በምኒልክ ተልከው በኢጣልያ ሥዕል ተማሩ፤ ኋላም በናፖሊ አማርኛ አስተማሩ። በ1900 ዓ. ም. በሮማ ያሳተሙት «ልብ ወለድ ታሪክ» የመጀመሪያው የአማርኛ ልብ ወለድ ነው። በዚህ መጽሐፍ ጦቢያ የወንድ ልብስ ለብሳ ከአባቷ ጋራ የጠፋ ወንድሟን ፍለጋ ትወጣለች፤ አባቷም ስለ ክብሩ ብሎ ከቤት አልዘጋባትም። ይህን ሳነብ አባቴን አሰብሁ፤ ጎረቤት ሁሉ ለአካለ መጠን የደረሰች ልጅ ርቃ መማሯ ነውር ነው ሲል፣ ከይፋት ቆላ ደብረ ሲና አምጥቶ ያስተማረኝ እርሱ ነውና። ደራሲው ግን በ1928 ዓ. ም. ጠላት አገራችንን ሲወር ከወራሪው ወገን ቆሙ፤ ከነጻነት በኋላ ተፈርዶባቸው በ1940 ዓ. ም. በጅማ ሞቱ። መጽሐፋቸውን አከብራለሁ፤ ይህን ሥራቸውን ግን አላመሰግንም። እኛ ተማሮች የቤታችንንም የአገራችንንም ክብር አብረን እንጠብቅ።